መሬቱ አለ፣ ወረቀቱስ? የስፔንና የሜክሲኮ የመሬት ስጦታዎች በአሜሪካ ፍርድ ቤቶች

በካሊፎርኒያ የሚኖር ሐበሻ የኦክላንዱን ቴሌግራፍ ጎዳና ሳያውቀው አይቀርም። እንጀራ ቤቱም፣ ቡናውም እዚያው ነው። ያ ጎዳና የተዘረጋበት መሬት ከ200 ዓመት በፊት የአንድ ቤተሰብ ነበር። ሉዊስ ማሪያ ፔራልታ የሚባል የስፔን ንጉሥ ወታደር በ1820 ለረጅም አገልግሎቱ ወደ 18,000 ሄክታር ተሰጠው። በእኛ ልኬት 450 ጋሻ ገደማ ይሆናል። ዛሬ ኦክላንድና በርክሌይ የተቀመጡት እዚያ ላይ ነው። (ዓመታቱ ሁሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

ፔራልታ መሬቱን በ1842 ለአራት ወንዶች ልጆቹ አካፈለ። ከዚያ ጦርነት መጣ፣ አገሩ ከሜክሲኮ ወደ አሜሪካ ተላለፈ፣ ወርቅ ተገኘ፣ ሰው ጎረፈ። ልጆቹ መሬቱ የእነሱ መሆኑን እንዲያስረዱ ተጠየቁ። ተከራከሩ። ክርክሩ እስከ አገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደረሰ፤ በ1856 እዚያም ረቱ። ግን በረቱበት ጊዜ አብዛኛው መሬት ከእጃቸው ወጥቶ ነበር።

ፍርድ ቤት ረትቶ መሬት ማጣት እንዴት ይሆናል? ነገሩ የፔራልታዎች ብቻ አይደለም። ከካሊፎርኒያ እስከ ኒው ሜክሲኮና ኮሎራዶ በሺዎች የሚቆጠሩ ቤተሰቦች በዚሁ መንገድ አልፈዋል። አንዳንዱ ክርክር ወደ እኛ ዘመን ተሻግሯል። ሰነድ አልባ ይዞታ፣ የወል መሬት፣ ርስት የሚሉት ቃላት ለሚገቡት አንባቢ ታሪኩ ሩቅ አይሆንበትም።

ስጦታው ምን ዓይነት ነበር?

ስፔን፣ ከ1821 ወዲህ ደግሞ ነጻ የወጣችው ሜክሲኮ፣ በሰሜን በኩል ሰፊ ጠረፍ ነበራቸው። በካርታ ላይ የእነሱ ነው። በምድር ላይ ግን ኮማንቼዎች፣ አፓቼዎችና ሌሎች ብዙ ነባር ሕዝቦች ይኖሩበታል። ጠረፉን ለመያዝ ሰው ማስፈር ያስፈልጋል። ለሰፋሪ የሚከፈል ገንዘብ የለም። ያለው መሬት ነው። ስለዚህ ገዢዎቹ መሬት ይሰጡ ነበር፤ ስጦታውን በስፓኒሽ መርሴድ ይሉታል። ሲጀመርም የሌላ ሰው አገር ላይ የተሰጠ ስጦታ ነበር፤ ይህን ሳንይዝ ወደፊት መሄድ አይገባም።

ስጦታው ሁለት ዓይነት ነው። በካሊፎርኒያ በብዛት የሚሰጠው ለአንድ ሰው ነበር፤ ከብት የሚያረባበት ራንቾ። በኒው ሜክሲኮ ግን ብዙው የሚሰጠው ለመንደር ነው። እያንዳንዱ ቤተሰብ የቤት ቦታና በመስኖ የሚለማ የእርሻ ቁራጭ ያገኛል። የተረፈው ሁሉ፣ ማለትም ተራራው፣ ጫካው፣ መስኩ፣ የጋራ ነው። በጉን እዚያ ያሰማራል፣ ማገዶውን ከዚያ ይለቅማል፣ ለቤቱ ምሰሶ ከዚያ ይቆርጣል። የእርሻ ቁራጩን መሸጥ ይችላል። የጋራውን ግን ማንም ነጥሎ አይሸጥም። በገጠር ያደገ ሰው ይህን ለመረዳት ማብራሪያ አያሻውም፤ የወል ግጦሽ ያለ እርሻ፣ እርሻም ያለ ወል ግጦሽ ኑሮ እንደማይሆን ያውቀዋል።

አሰጣጡም የራሱ ወግ ነበረው። ጠያቂው ለአገረ ገዢው ማመልከቻ ይጽፋል። የአካባቢው ሹም መሬቱ በሌላ አለመያዙን ያጣራል። በእጅ የተሳለ ንድፍ ይያያዛል፤ ኮረብታው እዚህ፣ ወንዙ እዚያ፣ ትልቁ ዛፍ በዚህ በኩል እያለ የሚያሳይ። ቀጥሎ ሹሙ ጎረቤቶችን ሰብስቦ ተቀባዩን በመሬቱ ላይ ያዞረዋል። ተቀባዩ ሣር ይነጫል፣ ድንጋይ ይወረውራል፣ ይህ የእኔ ነው ይላል። የሚለካው በገመድ ነው። ሁለት ፈረሰኞች 42 ሜትር ገደማ የሚሆን ገመድ ተራ በተራ እየጎተቱ ይጋልባሉ። ገመዱ ሲረጥብ ይረዝማል፣ ሲደርቅ ያጥራል። ማንም አልተጨነቀበትም። ሀብቱ ከብቱ እንጂ መሬቱ አልነበረምና። ወሰን የሚጸናው በጎረቤት ዓይንና በሽማግሌ ቃል ነበር።

ይህ ሁሉ በቦታውና በጊዜው ሕጋዊ ነበር። ሌላ ቋንቋ የሚናገር፣ ሌላ ሕግ የተማረ ዳኛ ፊት ሲቀርብ ነው ጉድለት መስሎ የታየው።

ውሉ ምን አለ፣ ምን ተሰረዘ?

የአሜሪካና የሜክሲኮ ጦርነት ያበቃው በየካቲት 1848 በጓዳሉፔ ሂዳልጎ በተፈረመ ውል ነው። ሜክሲኮ ግዙፍ ግዛት ለቀቀች። በዚያ የሚኖሩ ሜክሲኮዎች ንብረታቸው እንደሚከበር ውሉ ቃል ገባ። በመጀመሪያው ረቂቅ ደግሞ አንቀጽ 10 ነበር። ይህ አንቀጽ የመሬት ስጦታዎችን በስም ጠርቶ፣ በሜክሲኮ ሕግ የጸኑ ሁሉ እንደጸኑ ይቀጥላሉ ይላል።

የአሜሪካ ሴኔት አንቀጽ 10ን ሰረዘው። ሜክሲኮ ስጋት ገባት። በግንቦት 1848 የአሜሪካ ልዑካን በኬሬታሮ ከተማ አንድ የማብራሪያ ሰነድ ፈረሙ፤ አንቀጹ ስለተሰረዘ ስጦታዎቹ ፈርሰዋል ማለት አይደለም የሚል። ኋላ ላይ ግን አሜሪካ ይህ ማብራሪያ አያስገድደኝም አለች።

እንግዲህ የቀረው ንብረት ይከበራል የሚል ጥቅል ቃል ነው። ንብረቱ የማን እንደሆነ የሚወስነው ማነው? በምን ማስረጃ? የማስረዳት ሸክሙስ በማን ላይ ነው? የመቶ ዓመቱ ክርክር በሙሉ ከእነዚህ ጥያቄዎች የወጣ ነው።

የካሊፎርኒያው መንገድ፦ ያልቀረበ ይወረሳል

ለካሊፎርኒያ የወጣው ሕግ የመጋቢት 1851ዱ ነው። ሦስት አባላት ያሉት የመሬት ኮሚሽን ተቋቋመ። ከስፔን ወይም ከሜክሲኮ መሬት አግኝቻለሁ የሚል ሁሉ በሁለት ዓመት ውስጥ ወረቀቱን ይዞ ይቅረብ ተባለ። ያልቀረበ መሬቱ የመንግሥት ይሆናል። ኮሚሽኑ ቢፈቅድለት እንኳ መንግሥት ይግባኝ ማለት ይችላል፤ ክርክሩ ወደ ዲስትሪክት ፍርድ ቤት፣ ከዚያም ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይሄዳል።

ነገሩን ገልብጠን እንየው። አባቱ ከመሬቱ ላይ ኖሮ የሞተ፣ እሱም እዚያው የተወለደ ሰው፣ አንድ ቀን ተነስቶ ከሳሽ ይሆናል። ተከሳሹ መንግሥት ነው። መሬቱ የእኔ ነው ብሎ ማስረዳት ያለበት ለዘመናት የያዘው ሰው ነው። እኔ የሕጉ ትልቁ በደል ይህ ይመስለኛል። ስጦታዎቹን ማጣራት ተገቢ ነበር፤ ሐሰተኛ ሰነድ ሞልቶ ነበርና። ግን ሸክሙን ሁሉ በሰፊው ሕዝብ ላይ መጫን የግድ አልነበረም።

ለኮሚሽኑ 813 ጥያቄዎች ቀረቡ። በመጨረሻ ከ600 በላይ የሚሆኑት ጸደቁ። ቁጥሩን ብቻ ያየ ሰው ፍትሕ ተሰጠ ሊል ይችላል። ጊዜውን ሲያይ ሐሳቡን ይለውጣል። አንድ ባለይዞታ ከማመልከቻው ጀምሮ የመጨረሻውን የባለቤትነት ሰነድ እስኪይዝ በአማካይ 17 ዓመት ፈጅቷል። ለፔራልታ ልጆች ከፊሎቹ ይህ ሰነድ የደረሳቸው በ1870ዎቹ ነው።

በ17 ዓመት ውስጥ ብዙ ነገር ይሆናል። ጠበቃ ይከፈላል፤ ጠበቃው እንግሊዝኛ ተናጋሪ ነው፣ ደንበኛው አይደለም። ቀያሽ ይከፈላል። አስተርጓሚ ይከፈላል። ግብር ይመጣል። ባለ ራንቾው ደግሞ ከብት እንጂ ጥሬ ገንዘብ የለውም። ስለዚህ ይበደራል። የዛሬዋ ግሌንዴል ያለችበትን የሳን ራፋኤል ራንቾ ከወረሱት አንዱ ሁልዮ ቬርዱጎ ነበር። በ1861 ወደ 3,445 ዶላር ተበደረ። ወለዱ በወር 3 በመቶ ነው። በወር! ስምንት ዓመት ሳይከፈል ሲጠራቀም ዕዳው ከ58 ሺህ ዶላር በላይ ሆነ። መሬቱ በዕዳ ተወሰደ። የመሬት ኮሚሽኑ አልከለከለውም። ጊዜው ብቻ በላው።

ሰፋሪዎቹም አልጠበቁም። ክርክሩ እስኪያልቅ መሬቱ የመንግሥት ሊሆን ይችላል ብለው ድንኳን ተከሉ፣ አጥር አጠሩ፣ የሰው ከብት አርደው በሉ። እኛ ጨረቃ ቤት የምንለው ነገር ነው፤ ልዩነቱ እዚያ ሌሊት የሠራው ሰው ጠዋት ላይ ከተማ ማቋቋሙ ነው። ሆራስ ካርፐንቲየር የሚባል ጠበቃ ከሁለት ጓደኞቹ ጋር በቪሴንቴ ፔራልታ መሬት ላይ ሰፈረ። መሬቱን ሸንሽነው መሸጥ ጀመሩ። በ1852 ቦታው ኦክላንድ ተብሎ ከተማ ሆነ። ካርፐንቲየርም የመጀመሪያው ከንቲባ ሆነ።

ቀነ ገደቡ ያለፈበትስ? ላስ ቪርሄኔስ በሚባለው ራንቾ ላይ የተነሳው ክርክር መልሱን ሰጠ። ባለቤቷ ዶሚንጋ ዶሚንጌዝ ስጦታው የ1834 ነው፣ ፍጹም የጸና ነው፣ ኮሚሽን የሚያጸድቀው ነገር የለውም አለች። በ1889 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ አልተቀበላትም። የቱንም ያህል የጸና ቢሆን፣ ለኮሚሽኑ ካልቀረበ መብቱ የለም። ሕጉ ከውሉ ጋር ይጋጫል ከተባለም ያ የሁለት መንግሥታት ጉዳይ እንጂ የፍርድ ቤት አይደለም አለ።

ከሁሉ የከፋው በነባሮቹ ሕዝቦች ላይ የደረሰው ነው። በደቡብ ካሊፎርኒያ ኩፓ የምትባል ፍል ውሃ ያላት መንደር ነበረች። ሰዎቹ ከስፔንም ከሜክሲኮም በፊት የነበሩ ናቸው። ማንም መጥቶ ለኮሚሽኑ አመልክቱ አላላቸውም። በ1901 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ጊዜው አልፏል ብሎ ለራንቾው ባለቤት ፈረደ። በ1903 መንደሩ በሙሉ ተነቅሎ ፓላ ወደሚባል ቦታ ተወሰደ። በስጦታ ያልመጡ፣ ስጦታ ያላስፈለጋቸው ሰዎች የስጦታ ወረቀት የላችሁም ተብለው ተባረሩ።

ፎርጅዱ

መንግሥት በጥርጣሬ የሚያይበት ምክንያት እንዳልነበረው ማስመሰል አልፈልግም። ነበረው። መሬት በድንገት ወርቅ ሲያወጣ አሮጌ ማህተም መቅረጽ የሚችል ሰው አይጠፋም።

ሆሴ ኢቭ ሊማንቱር የሚባል ፈረንሳዊ ነጋዴ በ1853 የሳን ፍራንሲስኮን ግማሽ የሚያህል ቦታ የእኔ ነው ብሎ ቀረበ። ኮሚሽኑ አጸደቀለት። የከተማው ሰው ደነገጠ፤ ቤቱን ላለማጣት ለሊማንቱር የከፈለም ነበር። በ1858 ዳኛ ኦግደን ሆፍማን ሰነዶቹን በጥንቃቄ አስመረመሩ። በወረቀቱ ላይ ያለው ማህተም ከእውነተኛው ጋር አልገጠመም። ጥያቄው ወደቀ። ሊማንቱር ወደ ሜክሲኮ ሸሸ። ስሙን የወረሰው ልጁ ኋላ የሜክሲኮ ገንዘብ ሚኒስትር ሆኗል።

የአሪዞናው ይበልጣል። ጄምስ አዲሰን ሪቪስ የተባለ ሰው በእርስ በርስ ጦርነት ጊዜ ወታደር ሳለ የአዛዦቹን ፊርማ አስመስሎ የፈቃድ ወረቀት ይሠራ ነበር። ኋላ የመሬት ደላላ ሆነ። በ1883 አንድ ጥያቄ አቀረበ። በ1748 የስፔን ንጉሥ ለአንድ ፔራልታ ለሚባል ባላባት ሰፊ ግዛት ሰጥቷል፤ መብቱም ወደ እኔ ተላልፏል አለ። (ከኦክላንዶቹ ጋር አይገናኝም፤ ይህኛው ባላባት ጨርሶ ያልነበረ ሰው ነው።) የጠየቀው ወደ 48,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ነው። ፊኒክስ ከተማ በውስጡ ትገባለች።

ሰውየው ወረቀት ብቻ አልፈጠረም፣ ዘር ፈጠረ። ወላጅ የሌላትን አንዲት ወጣት አግኝቶ የባላባቱ የመጨረሻ ዘር ናት አለና አገባት። የጥምቀት መዝገብ አስተካከለላት። ወደ ሜክሲኮና ወደ ስፔን ሄዶ በመዛግብት ቤቶች ውስጥ የራሱን ገጾች ሰገሰገ። የባቡር ኩባንያና የብር ማዕድን ባለቤቶች ከእሱ ጋር ከመጣላት ብለው ገንዘብ ከፈሉት። ተራ ገበሬዎችም ከፈሉ።

መጀመሪያ የነቃበት የአሪዞናው ዋና ቀያሽ ሮያል ጆንሰን ነው። ከደረሰባቸው ነገሮች አንዱ ቀላል ነው፤ የ18ኛው ክፍለ ዘመን ነው የተባለው ጽሑፍ በላባ ብዕር ሳይሆን በብረት ብዕር ተጽፎ ነበር። ሪቪስ ግን አላፈገፈገም። ጭራሽ መንግሥትን ከሰሰ። መንግሥት ስፓኒሽ እንደ አፍ መፍቻ የሚናገር ሴቬሮ ማሌት-ፕሬቮ የተባለ ጠበቃ ወደ መዛግብት ቤቶቹ ላከ። እሱም የተሰገሰጉትን ገጾች አንድ በአንድ አወጣቸው። በ1895 ፍርድ ቤቱ ሁሉም ሐሰት ነው አለ። ሪቪስ ወዲያው ተያዘ። በቀጣዩ ዓመት ሁለት ዓመት እስር ተፈረደበት።

ይህን ታሪክ ያረዘምኩት ስለሚያስገርም ብቻ አይደለም። ሪቪስ ፍርድ ቤቱ ምን እንደሚወድ ገብቶታል፤ ማህተም፣ ፊርማ፣ የዘር ሐረግ፣ የታሰረ መዝገብ። ሐሰተኛው 12 ዓመት የቆየው ወረቀቱ የተሟላ ስለነበረ ነው። እውነተኛው ባለይዞታ ደግሞ ወረቀቱን አይጥ በልቶበት፣ ወይ የሹሙ ቤት ተቃጥሎበት፣ ወይ ከጅምሩ አንድ ፊርማ ጎድሎት ነበር። ወረቀት በሚመዘንበት ቦታ እውነተኛው ከሐሰተኛው ያነሰበት ጊዜ ብዙ ነው።

ኒው ሜክሲኮ፦ አንዱ ሲሰፋ ሌላው ሲጠብ

በኒው ሜክሲኮ ኮሚሽን አልተቋቋመም። በ1854 ዋና ቀያሽ ተሾመ። እሱ መርምሮ ለአገሪቱ ምክር ቤት ሐሳብ ያቀርባል፤ ምክር ቤቱ በሕግ ያጸድቃል። ሥራው ተንቀረፈፈ። በመጨረሻ በ1891 አምስት ዳኞች ያሉት የግል መሬት ጥያቄዎች ፍርድ ቤት ተቋቋመ፤ እስከ 1904 ሠራ። በኒው ሜክሲኮ ከተጠየቀው ወደ 14 ሚሊዮን ሄክታር ያጸደቀው 800 ሺህ ሄክታር ገደማ ነው።

ሁለት ጉዳዮችን ጎን ለጎን ላስቀምጥ። ሁሉም ነገር በእነሱ ውስጥ ይታያል።

የመጀመሪያው የማክስዌል ስጦታ ነው። በ1841 የሜክሲኮው አገረ ገዢ ማኑኤል አርሚሆ ለሁለት ሰዎች፣ ለቦቢያንና ለሚራንዳ፣ ሰጡት። በሜክሲኮ ሕግ አንድ ሰው ማግኘት የሚችለው ቢበዛ 11 ካሬ ሊግ ነው። ለሁለት ሰው 22 ይሆናል፤ ወደ 39 ሺህ ሄክታር። ምክር ቤቱ በ1860 ስጦታውን ሲያጸድቅ መጠኑን አልጻፈም። መሬቱ ወደ ሉሲየን ማክስዌል፣ ከእሱም ወደ ውጭ አገር ባለሀብቶች ኩባንያ ተሻገረ። እንደገና ሲለካ ወደ 690 ሺህ ሄክታር ሆነ። አዲስ አበባን 13 ጊዜ ያህላል። በውስጡ የነበሩ ገበሬዎችና የማዕድን ቆፋሪዎች ተቃወሙ። ደም ፈሰሰ። በ1887 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ለኩባንያው ፈረደ። ምክንያቱ፦ ምክር ቤቱ አንዴ አጽድቆታል፤ የሜክሲኮ ሕግ ገደብ ከዚህ በኋላ አይነሳም።

ሁለተኛው ሳን ሚጌል ዴል ቫዶ ነው። በ1794 ሎሬንሶ ማርኬዝና 51 ሌሎች ሰዎች በፔኮስ ወንዝ ዳር ለመስፈር ጠየቁ። ተሰጣቸው፤ ግን በግዴታ። መሣሪያ ይያዙ፣ የተመሸገ መንደር ይሥሩ፣ መሬቱም የእነሱ ብቻ ሳይሆን ኋላ ለሚመጡት ጭምር የጋራ ይሁን ተባለ። ድሆች ነበሩ። ጠረፉን የጠበቁት እነሱ ናቸው። በ1803 የእርሻው ቁራጭ ለየቤተሰቡ ተከፋፈለ፤ ተራራውና መስኩ የጋራ ሆኖ ቀረ። መቶ ዓመት ኖሩበት።

ልጆቻቸው ወደ 127 ሺህ ሄክታር ይጽደቅልን አሉ። የመጀመሪያው ፍርድ ቤት ተቀበላቸው። መንግሥት ይግባኝ አለ። በ1897 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ውሳኔውን ሻረው። ጉዳዩ የሳንዶቫል ጉዳይ ይባላል። አመክንዮው እንዲህ ነው። በስፔን ሕግ የጋራው መሬት ባለቤት ንጉሡ ነበር፤ ሰዎቹ ይጠቀሙበት ነበር እንጂ አልያዙትም። ከንጉሡ ወደ ሜክሲኮ፣ ከሜክሲኮ ወደ አሜሪካ ተላለፈ። ስለዚህ ተራራው የአሜሪካ መንግሥት ነው። ለሰዎቹ የቀረላቸው የቤት ቦታና የእርሻ ቁራጭ፣ በድምሩ ወደ 2,000 ሄክታር ብቻ ነው።

ለዚህ ፍርድ የሕጉ ልዩነትም ረድቷል። የ1851ዱ ሕግ የካሊፎርኒያውን ኮሚሽን የቀድሞውን አገር ልማድና ርትዕን እንዲያይ ይፈቅድለት ነበር። የ1891ዱ ግን የአዲሱን ፍርድ ቤት እጅ አሰረ፤ በጥብቅ ሕግ ያልተሟላ ነገር አይጸድቅም።

እኔ የሳንዶቫልን ፍርድ ደጋግሜ ሳስበው አይዋጥልኝም። ንጉሡ መሬቱን የሰጠው ሰዎቹ እንዲኖሩበት ነው። ያለ ግጦሽና ያለ ማገዶ በዚያ ደረቅ አገር መኖር አይቻልም። ተራራውን ለይቶ የንጉሡ ነው ማለት ቤቱን ሰጥቶ ምድጃውን እንደመንሳት ነው። ለማክስዌል ኩባንያ የስፋት ገደብ የሚጥለው ሕግ አይነሳ ተባለ። ለሳን ሚጌል መንደርተኞች ደግሞ የስፔን ሕግ እስከ ሥሩ ተቆፈረ። ሁለቱ ፍርዶች መካከል ያለው 10 ዓመት ብቻ ነው።

የረቱ መንደሮችም ቢሆኑ ሁልጊዜ አልተረፉም። መንደርተኛው ገንዘብ ስለሌለው ለጠበቃው የሚከፍለው በመሬት ነበር። በ1876 በወጣ ሕግ ደግሞ በጋራ መሬት ላይ ድርሻ ያለው አንድ ሰው ብቻ ይከፋፈል ብሎ መክሰስ ይችላል። ካልተመቸ መሬቱ በጨረታ ይሸጣል። ድርሻ በክፍያ ያገኘ ጠበቃ ይከሳል፣ ጨረታ ይወጣል፣ ገዢው ከተማ ያለ ባለገንዘብ ነው። ቶማስ ካትሮን የተባለ የሳንታ ፌ ጠበቃ በዚህና በመሳሰለው መንገድ ከአገሪቱ ትልልቅ ባለመሬቶች አንዱ ሆነ። ኋላም የኒው ሜክሲኮ ሴናተር ሆኖ ዋሽንግተን ገባ። እሱ ከጠቀለላቸው አንዱ የቲየራ አማሪያ ስጦታ ነው። በ1967 በዚያች ከተማ ሬይስ ሎፔዝ ቲሄሪና የሚመራቸው የባለስጦታ ልጆች መሣሪያ ይዘው ፍርድ ቤቱን ሰብረው ገቡ። ሰው ቆሰለ። አገሩ ሁሉ ስለ አሮጌው የመሬት ጉዳይ የሰማው ያን ጊዜ ነው።

በ2004 የአሜሪካ ምክር ቤት መርማሪ መሥሪያ ቤት ጉዳዩን አጥንቶ ሪፖርት አወጣ። በኒው ሜክሲኮ ከነበሩት 295 ስጦታዎች 154ቱ የመንደር ስጦታዎች መሆናቸውን ለየ። አሠራሩ በጊዜው በነበረው የአሜሪካ ሕግ መሠረት ነው አለ። ይካሱ ወይስ አይካሱ የሚለውን ለምክር ቤቱ ተወው።

የሳን ሉዊስ ተራራ

ከዴንቨርና ከኦሮራ፣ ብዙ ወገኖቻችን ከሚኖሩበት፣ ወደ ደቡብ አራት ሰዓት ገደማ ቢነዱ ሳን ሉዊስ ይደርሳሉ። በ1851 የተቆረቆረች፣ በኮሎራዶ ካሉት ከተሞች አንጋፋዋ ናት። ከኋላዋ ተራራ አለ። ሰዎቹ ላ ሲየራ ይሉታል፤ ተራራው ማለት ነው።

ይህም የሜክሲኮ ስጦታ ነው። ያለፈበት እጅ ብዙ ነው፤ በመጨረሻ ቅድም ያነሳነው ካርሎስ ቦቢያን ባለቤቱ ሆነ። ቦቢያን ሰፋሪዎችን ከኒው ሜክሲኮ አመጣ። በ1863 አንድ ሰነድ ጽፎ አስመዘገበ። ነዋሪዎች ሁሉ የግጦሽ፣ የውሃ፣ የማገዶና የእንጨት ጥቅም ይኖራቸዋል፤ አንዱም ሌላውን እንዳይጎዳ ይጠንቀቅ ይላል። ሰዎቹ ለመቶ ዓመት ገደማ በዚህ ኖሩ።

በ1960 ጃክ ቴይለር የሚባል የእንጨት ነጋዴ ከሰሜን ካሮላይና መጥቶ ወደ 31 ሺህ ሄክታር ተራራ ገዛ። የሽያጭ ሰነዱ ራሱ የአካባቢው ሰዎች የግጦሽና የእንጨት መብት ይገባናል እንደሚሉ ይጠቅስ ነበር። ቴይለር ግን አጠረው። ወደ ፌዴራል ፍርድ ቤት ሄዶም ሰዎቹ መብት የላቸውም የሚል ፍርድ አገኘ። ተራራ የለመደ ከብት ያለ ግጦሽ ቀረ። ሰውም ከብቱን ሸጠ፣ ልጁ ወደ ከተማ ሄደ።

በ1981 ልጆቻቸው እንደገና ከሰሱ። ሳትደክም 21 ዓመት የፈጀች ክስ ናት። በሰኔ 2002 የኮሎራዶ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፈረደላቸው። ፍርዱ ብልህ ነው። የስጦታውን ጸንቶ መቆም አለመቆም እንደገና አልከፈተም። ተራራው የሰዎቹ ነውም አላለም። ባለቤቱ የገዛው ሰው እንደሆነ ይቆይ፤ ግን ሰዎቹ የመጠቀም መብት አላቸው አለ። የቦቢያን ሰነድ ብቻውን ግልጽ አይደለም፤ ቦታውን በትክክል አይወስንም። ስለዚህ ዳኞቹ ከወረቀቱ ወጥተው አዩ። ሰዎቹ ስንት ዘመን ተጠቀሙ? ሲሰፍሩ ምን ተስፋ ተሰጣቸው? ያንን ተስፋ ተማምነው ምን ሠሩ? ቤት ሠሩ፣ መስኖ ቆፈሩ፣ ልጅ ወለዱ። ይህ ሁሉ ማስረጃ ነው ተባለ።

በ1897 ለሳን ሚጌል ሰዎች ያልተጠየቀላቸው ጥያቄ ይኸው ነበር።

መብቱ ከሰው ጋር ሳይሆን ከቤት ቦታው ጋር የተያያዘ ነው። ስለዚህ ከፍርዱ በኋላ የየቤቱ ቦታ እስከ መጀመሪያዎቹ ሰፋሪዎች ድረስ ወደ ኋላ እየተቆጠረ ማን መግባት እንደሚችል ተለየ። ፍርድ ቤቱ የፈቀደው ሦስት ነገር ነው፦ ከብት ማሰማራት፣ ማገዶ መልቀም፣ ለቤት የሚሆን እንጨት መቁረጥ። አደንና ዓሣ ማጥመድን አልፈቀደም። ዛሬ አንድ የሳን ሉዊስ ገበሬ ፒክአፑን ይዞ የተራራውን በር አልፎ ይወጣል፣ ማገዶውን ይጭናል። ወንዙ አጠገብ ያልፋል። ዓሣውን ግን አይነካም፤ እሱ አሁንም የሌላ ሰው ነው።